ኮስቲያ ካውንቲ መሬት ልንገዛ ነው፤ የ1863ቱ ወረቀት ይነካናል?

አውሮራ_ነዋሪ (ጥያቄ)

ሰላም ለሁላችሁ። እኔና ሁለት ጓደኞቼ ገንዘብ አዋጥተን ደቡብ ኮሎራዶ፣ ኮስቲያ ካውንቲ ውስጥ መሬት ለመግዛት እያሰብን ነው። ኢንተርኔት ላይ አምስት ኤከር፣ አሥር ኤከር እየተባለ በርካሽ የሚሸጠውን አይታችሁት ይሆናል። ሐሳባችን ጥቂት በግና ፍየል ማርባት፣ ሲመቸን ደግሞ ትንሽ ቤት መሥራት ነው።

ይህን የሰማ ወዳጃችን «እዚያ ከመግዛታችሁ በፊት የሳን ሉዊስን የፍርድ ቤት ክርክር አንብቡ» አለን። ማንበብ ጀመርኩ፤ ባነበብኩ ቁጥር ጥያቄው እየበዛብኝ ሄደ። እስካሁን የገባኝ ይህ ነው። አገሩ በሜክሲኮ ሥር በነበረበት ጊዜ፣ 1844 ላይ፣ የኒው ሜክሲኮ ገዥ አንድ ሚሊዮን ኤከር ገደማ መሬት ለሁለት ሰዎች ሰጠ። ብዙም ሳይቆይ አሜሪካ አገሩን ወሰደች። መሬቱም ከእጅ ወደ እጅ ዞረ፤ 1863 ላይ ከባለቤቶቹ አንዱ የሰፈሩት ሰዎች በተራራው እንዲጠቀሙ የሚል ወረቀት ጻፈ። ከዚያ 2002 ላይ የኮሎራዶ ጠቅላይ ፍርድ ቤት፣ ገንዘቡን ከፍሎ በገዛና አጥር ባጠረ ሰው ተራራ ላይ የአካባቢው ሰዎች ከብት ማሰማራትና እንጨት መቁረጥ ይችላሉ ብሎ ፈረደ። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ ናቸው።)

መጀመሪያ ነገር፣ የሜክሲኮ ገዥ የሰጠው መሬት እንዴት አሜሪካ ውስጥ ጸና? ሁለተኛ፣ እነዚሁ ሰዎች 1960ዎቹ ውስጥ በፌዴራል ፍርድ ቤት ተረትተዋል ይላል። አንዴ የተረታ ሰው ከ35 ዓመት በላይ ቆይቶ እንዴት ያሸንፋል? ሦስተኛው የራሳችን ጉዳይ ነው። አምስት ኤከር ብንገዛ ነገ አንድ ሰው የአያቱን ወረቀት ይዞ ሊመጣብን ይችላል? የምታውቁ እባካችሁ አስረዱኝ።

---

ዶሴ_አገላባጭ

ወንድሜ፣ ጥሩ ጥያቄ ነው፤ ረዘም አድርጌ ልመልስልህ።

መሬቱን የሰጠው ገዥ ማኑኤል አርሚሆ ነው። የተሰጣቸው ደግሞ ናርሲሶ ቦቢየንና ስቲቨን ሊ ይባላሉ። ናርሲሶ ገና ልጅ ነበር። ከበስተጀርባው ያለው አባቱ ካርሎስ ቦቢየን ነው። ትውልዱ ከኩቤክ፣ ካናዳ ሲሆን ታኦስ ከተማ የከበረ ነጋዴ ነበር። በዚያን ጊዜ የሜክሲኮ መንግሥት የሰሜኑን ድንበር ሰው እንዲሰፍርበት ይፈልግ ነበር። ከአንድ ወገን የአሜሪካኖች መግፋት ያሰጋዋል፣ ከሌላ ወገን ደግሞ ዩትና አፓቼ የሚባሉት የአገሩ ባለቤቶች ለሰፋሪ እጃቸውን አልሰጡም። ስለዚህ ገዥው ሰፊ መሬት ሲሰጥ ዋናው ቁም ነገር «ሰው አምጥተህ አስፍር» ነው። ይህን ያዝልኝ፤ የኋላው ፍርድ እዚህ ላይ የቆመ ነው።

1847 ላይ ታኦስ ውስጥ አመፅ ተነሳና ናርሲሶም ሊም ተገደሉ። አባትየው የልጁን ድርሻ ወረሰ፣ የሊን ድርሻ ደግሞ በ100 ዶላር ገዛ። ግማሽ ሚሊዮን ኤከር በ100 ዶላር! በዚህ መንገድ ሁሉም በአንድ ሰው እጅ ገባ።

1848 ላይ የአሜሪካንና የሜክሲኮን ጦርነት ያበቃው የጓዳሉፔ ኢዳልጎ ስምምነት ተፈረመ። አሜሪካ የሜክሲኮ ዜጎች የነበሩትን ሰዎች ንብረት አከብራለሁ ብላ ገባች። በነገራችን ላይ በስምምነቱ ውስጥ 10ኛ አንቀጽ ነበር፤ የመሬት ስጦታዎችን በስም ጠርቶ የሚያጸና ነው። የአሜሪካ ሴኔት ሲያጸድቀው ይህን አንቀጽ ቆርጦ አወጣው። የቀረው ጥቅል ቃል ብቻ ነው። ከዚያ በኋላ ለመጣው የዘመናት ክርክር ትልቁ በር የተከፈተው እዚያ ላይ ይመስለኛል።

አሁን ወደ መጀመሪያ ጥያቄህ። የሜክሲኮ የ1824 ሕግ ለአንድ ሰው ከ11 ካሬ ሊግ በላይ እንዳይሰጥ ይከለክል ነበር። በኤከር ከ50 ሺህ ትንሽ ያነሰ ነው። ለሁለት ሰው ብታባዛው እንኳ 100 ሺህ አይሞላም። ታዲያ ሚሊዮኑ ከየት መጣ? ይህን ጥያቄ በመሬቱ ላይ የተቀመጠ ታምሊንግ የሚባል ሰው ፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ድረስ ወሰደው። ፍርድ ቤቱ 1876 ላይ የሰጠው መልስ ባጭሩ ይህ ነው፦ ኮንግረስ 1860 ላይ ስጦታውን አጽድቆታል፤ ኮንግረስ ካጸደቀ በኋላ እኛ ወደ ኋላ ተመልሰን የሜክሲኮ ሕግ ተጥሷል አልተጣሰም ብለን አንመረምርም። ስለዚህ መሬቱን ያጸናው ከአርሚሆ ወረቀት ይልቅ የኮንግረስ ድምፅ ነው። ለእኔ ይህ ከባድ ነገር ነው። በሕጉ ቢመዘን የማያልፍ ስጦታ፣ ፖለቲከኞች ስላጸደቁት ብቻ የማይነካ ሆነ።

ሁለተኛው ጥያቄህ ይበልጥ ደስ የሚል ነው። ካርሎስ ቦቢየን ሰፋሪዎችን ከኒው ሜክሲኮ አመጣ። ሳን ሉዊስ 1851 ላይ ተመሠረተች፤ በኮሎራዶ ካሉት ከተሞች ሁሉ አንጋፋዋ ናት። ለእያንዳንዱ ቤተሰብ ከወንዙ ተነስቶ ወደ ኮረብታው የሚሄድ ረጅምና ጠባብ የእርሻ መሬት ተሰጠው። በዚያ ጠባብ መሬት ብቻ ግን ማንም አይኖርም። ማገዶው፣ የቤት መሥሪያው ግንድ፣ የበጋው ግጦሽ፣ ሁሉም ያለው ተራራው ላይ ነው። ስለዚህ ቦቢየን 1863 ላይ በስፓኒሽ አንድ ሰነድ ጽፎ በካውንቲው መዝገብ እንዲገባ አደረገ። የሰፈሩት ሁሉ በግጦሹ፣ በውሃው፣ በማገዶውና በግንዱ ይጠቀማሉ፤ አንዱ ሌላውን እንዳይጎዳ ይጠንቀቅ ይላል። በዓመቱ ሞተ። ከወራሾቹ የገዛው ዊልያም ጊልፒን (የኮሎራዶ ቴሪቶሪ የመጀመሪያው ገዥ ነው) የሰፋሪዎቹን መብት እንደሚያከብር ተስማምቶ ገዛ።

ከዚያ ለመቶ ዓመት ገደማ ሰዎቹ ተራራውን ሲጠቀሙ ኖሩ። ባለቤት ይለዋወጣል፣ ከብቱ ግን ይወጣል ይወርዳል። 1960 ላይ ጃክ ቴይለር የሚባል የኖርዝ ካሮላይና የእንጨት ነጋዴ 77 ሺህ ኤከር ያህል ተራራ ገዝቶ መንገዶቹን ዘጋ። ከዚያም ወደ ፌዴራል ፍርድ ቤት ሄዶ «መሬቱ ከማንም ጥያቄ ነፃ ነው በሉልኝ» ብሎ አመለከተ። 1965 ላይ ተፈረደለት፣ 1967 ላይ ይግባኙም ጸናለት።

ታዲያ የተረታው እንዴት ረታ? በመጥሪያ! ቴይለር ከሳሽ ሆኖ ሲሄድ የጥቂት ሰዎችን ስም ጠቅሶ መጥሪያ አደረሰ። የቀሩትን በአካባቢ ጋዜጣ በወጣ ጥሪ አለፋቸው። 1981 ላይ የሰዎቹ ልጆች እንደገና ሲከሱ የታችኞቹ ፍርድ ቤቶች «በፍርድ ያለቀ ጉዳይ ነው» ብለው ዘጉት። የኮሎራዶ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ግን 1994 ላይ «ቆይ፣ እነዚህ ሰዎች በደንብ ተጠርተዋል ወይ? መጀመሪያ እሱ ይጣራ» ብሎ መለሰው። 2003 ላይ ደግሞ የመጨረሻውን ተናገረ። ስማቸው በካውንቲው መዝገብ ላይ የሚገኙ፣ ትንሽ ፈልጎ ማግኘት የሚቻሉ ሰዎችን በጋዜጣ ጥሪ ማለፍ አይበቃም። ያልተጠራ ሰው በሌለበት በተሰጠ ፍርድ አይታሰርም። ጋዜጣ ላይ በትንሽ ፊደል የወጣ ጥሪ ሳያይ ቤቱን ያጣ ሰው የሚያውቅ አበሻ ይህን ለመረዳት አይቸገርም።

---

ነጋዴው

አንድ ነገር ልበል። ሁላችሁም ሰፋሪዎቹን እያሰባችሁ ነው፤ መሬቱን የገዛውስ? ሰውየው ገንዘብ ከፍሏል፣ ግብር ይከፍላል፣ ፍርድ ቤት ሄዶ ረትቷል። ከዚያ ከብዙ ዓመት በኋላ «ይቅርታ፣ ሰው መግባት ይችላል» ይባላል። እንዲህ ከሆነ የማን ካርታ ነው አስተማማኝ? እኔ ንብረት ስገዛ የዛሬ 160 ዓመት ገደማ ማን ለማን ምን ብሎ እንደጻፈ ልፈልግ ነው?

---

ዶሴ_አገላባጭ

@ነጋዴው፣ ጥያቄህ ተገቢ ነው። የቴይለርን የግዢ ሰነድ ብታየው ግን ሐሳብህ የሚለወጥ ይመስለኛል። ሰነዱ ራሱ ሽያጩ የአካባቢው ሰዎች በግጦሽ፣ በማገዶና በግንድ ላይ ያላቸውን ጥያቄ እንደያዘ መሆኑን ይገልጻል። ተደብቆበት አልነበረም። እያወቀ ገዛ፣ በርካሽም ገዛ። ዋጋው የወረደው በዚህ ምክንያት ይመስለኛል። ከዚያ በርካሽ የገዛውን መሬት ሸክሙን በፍርድ ቤት አራግፎ ሙሉ ለማድረግ ሞከረ። ይህን ትክክል ነው ማለት አልችልም። አጥሩ ለሰዎቹ ትልቅ ነገር ነበር፤ ነገሩ እስከ ጥይት መተኮስ ደርሷል።

ሌላው ብዙ ሰው የሚስተው ነገር፣ ፍርድ ቤቱ መሬቱን ከባለቤቱ አልነጠቀም። የንብረት አገልግሎት ይባላል፤ የእኛም ፍትሐ ብሔር ሕግ ያውቀዋል። መሬቱ የእሱ ነው፣ ሌላው ግን ለተወሰነ ነገር ይገባል። 2002 ላይ የተፈቀደው ግጦሽ፣ ማገዶና ግንድ ብቻ ነው። ሰዎቹ አደንና ዓሣ ማስገርም ጠይቀው ነበር፤ ሰነዱ ላይ ስለሌለ ተከለከሉ።

ደግሞም የፍርዱ መሠረት የሜክሲኮ ሕግ አይደለም። ሰዎቹ የሜክሲኮ ልማድ ይጠበቅልን ብለው ተከራክረዋል፤ ፍርድ ቤቱ «የሰፈራችሁት አሜሪካ አገሩን ከያዘች በኋላ ስለሆነ የሜክሲኮ ሕግ አይመለከታችሁም» አላቸው። የ1863ቱን ሰነድም ቢሆን ብቻውን በቂ ነው አላለም፤ የትኛው ተራራ፣ ለየትኞቹ ሰዎች የሚለውን በትክክል አይገልጽም። ያሸነፉት በተራ የኮሎራዶ የንብረት ሕግ ነው። ሰነዱ የቦቢየንን ሐሳብ ያሳያል፣ ሰዎቹ ያንን ቃል አምነው በረሃ መጥተው ሰፈሩ፣ መቶ ዓመት ገደማ ተጠቀሙ፣ የባለቤቶቹም ሰነድ መብቱን ሲጠቅስ ኖረ። እነዚህ አንድ ላይ ሲደመሩ መብት ሆኑ።

---

የአልበከርኪዋ

ሰላም። እኔ የምኖረው ኒው ሜክሲኮ ነው። እዚህ የሳን ሉዊስን ሰዎች እንደ ዕድለኛ ነው የሚያዩዋቸው፣ ምክንያቱም አብዛኛው መንደር ተረትቶ ቀርቷል። ሁለት ፍርድ ጎን ለጎን አስቀምጬ ላሳያችሁ፤ እኔ በበኩሌ ሳስበው አሁንም ይቆጨኛል።

አንደኛው ማክስዌል የሚባለው ነው። እሱንም 1841 ላይ የሰጠው ያው አርሚሆ ነው፣ ከተቀባዮቹም አንዱ ያው ካርሎስ ቦቢየን ነው። ከዚያ በአማቹ በሉሲየን ማክስዌል እጅ ገባ፣ እሱም ለውጭ ባለሀብቶች ሸጠው። የኩባንያቸው መሬት ሲለካ ከ1.7 ሚሊዮን ኤከር በላይ ሆነ። መሬቱ ላይ ሰፍረው የነበሩት ገበሬዎችና ማዕድን ቆፋሪዎች ውጡ ሲባሉ ደም ፈሰሰ፤ የኮልፋክስ ካውንቲ ጦርነት የሚባለው እሱ ነው። መንግሥት ራሱ «ልኬቱ ማጭበርበር አለበት» ብሎ ከሰሰ። 1887 ላይ የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ለኩባንያው ፈረደ። ኮንግረስ አጽድቋል፣ የመንግሥት የባለቤትነት ሰነድም ወጥቷል፣ ይህን ለማፍረስ በጣም ጠንካራ ማስረጃ ያስፈልጋል አለ።

ሁለተኛው ሳን ሚገል ደል ባዶ ነው። ይህ የአንድ ሀብታም መሬት አልነበረም፤ የመንደር ነው። በስፔን ዘመን ለብዙ ቤተሰቦች በአንድነት የተሰጠ፣ ቤትና እርሻው የግል፣ ግጦሹና ጫካው የጋራ። ከ300 ሺህ ኤከር በላይ ነው ብለው አመለከቱ። 1897 ላይ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ «የጋራው መሬት የንጉሡ ነበር፣ ከንጉሡ ወደ ሜክሲኮ፣ ከሜክሲኮ ወደ አሜሪካ መንግሥት ተላለፈ፤ የእናንተ የሚሆነው ቤታችሁና ያረሳችሁት ብቻ ነው» አላቸው። የቀረላቸው 5 ሺህ ኤከር ገደማ ነው! ጎተራውን ወስዶ ቁልፉን ለባለቤቱ እንደ መመለስ ነው። ያለ ግጦሽ በግ የለም፣ ያለ በግ እዚህ አገር ኑሮ የለም። ሰዎቹ ወደ ባቡር ሥራና ወደ ማዕድን ጉድጓድ ተበተኑ። የጋራ የነበረው መሬት ብዙው ዛሬ የመንግሥት ጫካ ሆኖ ነው የምታዩት።

ይህን ሁሉ ይመረምር የነበረ ልዩ ፍርድ ቤት ነበር። ከ1891 እስከ 1904 ድረስ ሠርቷል። ወደ 35 ሚሊዮን ኤከር የሚጠጋ ጥያቄ ቀርቦለት ያጸናው 2 ሚሊዮን ያህል ነው። እውነት ለመናገር ከቀረበለት ውስጥ ዓይን ያወጣ ውሸትም ነበር። ጄምስ ሪቪስ የሚባል ሰው በአሪዞና 12 ሚሊዮን ኤከር ገደማ የሚስቴ ውርስ ነው ብሎ መጣ። ፔራልታ የሚባል ባሮን ፈጠረ፣ የትውልድ ሐረግ ፈጠረ፣ በየመዝገብ ቤቱ የሐሰት ወረቀት ሰገሰገ። በመሬቱ ላይ ከነበሩት ከባቡርና ከማዕድን ኩባንያዎች ገንዘብ ይቀበል ነበር። 1895 ላይ ሰነዶቹ በባለሙያ ሲመረመሩ ተጋለጠና እስር ቤት ገባ።

ግን የእሱ ውሸት ጦሱ ለእውነተኞቹ ተረፈ። የመንደሩ ሰው ወረቀቱ በሳጥን ውስጥ ያረጀ፣ ምስክሩ የሞተ፣ እንግሊዝኛ የማይችል ነው። ጠበቃ ሲይዝ ገንዘብ ስለሌለው በመሬት ይከፍላል፤ ቢረታ እንኳ ከመሬቱ ሢሶ ወይም ከዚያ በላይ ለጠበቃው ይሄዳል። ካሊፎርኒያ ውስጥ ደግሞ የ1851 ሕግ ሰው ሁሉ መሬቱን በሁለት ዓመት ውስጥ ለኮሚሽን እንዲያቀርብ አዘዘ። ያላቀረበ ሰው ስጦታው ንጹሕ ቢሆን እንኳ መሬቱን እንደሚያጣ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ 1889 ላይ አጸናው። በስምምነቱ የተገባው ቃል ይህ ነበር?

@ነጋዴው፣ አንተ መሬቱን ለገዛው ሰው ተጨንቀሃል። በዚህ ታሪክ ውስጥ ካርታው የጸናለት አብዛኛውን ጊዜ ትልቁ ሰው ነው። ለእሱ ሲሆን «ኮንግረስ አጽድቋል፣ አንመረምርም»፤ ለመንደሩ ሲሆን ግን እስከ ስፔን ንጉሥ ድረስ ወርደው መረመሩ።

---

ነጋዴው

@የአልበከርኪዋ፣ ይህን አላውቅም ነበር፤ በተለይ ሁለቱ ፍርዶች በአሥር ዓመት ልዩነት መሰጠታቸው ይገርማል። እኔ አሁንም የምለው፣ ዛሬ በቅን ልቦና የገዛ ሰው መጠበቅ አለበት ነው። ግን ሰነዱ ላይ ተጽፎ እያየ የገዛ ሰው ቅን ልቦና አለው ማለት አይቻልም፣ እዚያ ላይ እስማማለሁ።

---

የአርሲው

ልጆች፣ ንግግራችሁን በደስታ እያነበብኩ ነው። አንድ ነገር ብቻ ልጨምር።

እኛም አገር ይህ ጉዳይ አዲስ አይደለም። በምኒልክ ዘመን ደቡቡ ሲያዝ መሬቱ በቃላድ ተለካ፣ በጋሻ ተቆጠረ። ለባላባቱ ሢሶ ይባልና የቀረው በመንግሥት እጅ ገብቶ ለወታደሩ፣ ለሹሙ፣ ለቤተ ክርስቲያኑ ይታደላል። አርሶት የሚኖረው ሰው አንድ ቀን ሲነሳ ገባር ወይም ጭሰኛ ሆኖ ተገኘ። በጃንሆይ ጊዜ ፍርድ ቤቶቻችን የተጨናነቁት በመሬት ክርክር ነበር፤ ርስት ነው፣ ስጦታ ነው፣ ልኬቱ አልፏል፣ ወሰኑ ተገፍቷል። በእኛ አቆጣጠር የካቲት 1967 የገጠር መሬት የሕዝብ ነው ተብሎ ሲታወጅ የባለርስትና የጭሰኛ ክርክር ሁሉ በአንድ ቀን ትርጉም አጣ። አሜሪካኖቹ ዛሬም ድረስ የሚከራከሩት ያን የሚያህል ነገር ስላልመጣባቸው ነው።

የሳን ሉዊሱን ፍርድ ሳነብ ልቤን የነካኝ፣ የጭሰኛ ልጅ ሆኖ ዳኛ ፊት ቆሞ «አባቴ እዚህ ከብት ይጠብቅ ነበር» ብሎ ሲናገር ያ ቃል እንደ ማስረጃ መቆጠሩ ነው። በእኛ ጊዜ ወረቀት የሌለው ሰው አፉ ተዘግቶ ነው የሚመለሰው።

---

ዶሴ_አገላባጭ

ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ። አንድ ልዩነት ግን አለ፤ የሳን ሉዊስ ሰዎች ሰፋሪዎች እንጂ ቀድሞ የነበሩ አይደሉም። ከእነሱ በፊት ተራራው የዩቶች ነበር፣ እነሱን ደግሞ በዚህ ክርክር ውስጥ ማንም አልጠራቸውም። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ገና 1823 ላይ፣ ጆንሰን በማኪንቶሽ ላይ በተባለው ጉዳይ፣ የአገሩ ተወላጆች መሬታቸውን በቀጥታ ለግለሰብ መሸጥ አይችሉም፣ መግዛት የሚችለው መንግሥት ብቻ ነው ብሎ ዘግቶባቸዋል። ስለዚህ እዚህ አገር ያለ ማንኛውም የመሬት ሰነድ ወደ ኋላ ሲጎተት እዚያ ላይ ነው የሚያበቃው።

---

ታይትል_ቤት

ሰላም ሁላችሁም። ሥራዬ ከቤትና መሬት ዝውውር ጋር የተያያዘ ነው። ታሪኩን በደንብ ነግራችሁታል፤ እኔ የጠያቂውን ሦስተኛ ጥያቄ ልመልስ። ጠበቃ አይደለሁም፤ ገንዘብ ከመክፈላችሁ በፊት እዚያ ካውንቲ የሚሠራ የንብረት ጠበቃ አማክሩ።

የ2002ቱ ፍርድ የሚመለከተው በተለምዶ ቴይለር ራንች የሚባለውን ተራራ ነው። ጊልፒን ድሮ መሬቱን ለሁለት ከፍሎት ነበር፤ ሰሜኑ ትሪንቸራ፣ ደቡቡ ኮስቲያ። ተራራው ያለው ደቡብ ነው። ኢንተርኔት ላይ ከምታዩት አምስት ኤከር ውስጥ ብዙው ሰሜን በኩል፣ የመጽሔት አሳታሚው ማልኮም ፎርብስ ትሪንቸራን ገዝቶ ከሸነሸነው የመጣ ነው። ያ ሽንሽን ፍርዱ የወደቀበት ተራራ አይደለም። ያም ሆኖ ካውንቲው ሁሉ በአንድ ስጦታ ውስጥ የነበረ ስለሆነ የታይትል ኢንሹራንስ (በባለቤትነቱ ላይ ችግር ቢነሳ ገዢውን የሚክስ መድን) ስትጠይቁ ከስጦታው የሚመነጩ መብቶችን ኢንሹራንሱ አይሸፍንም የሚል መስመር ልታገኙ ትችላላችሁ። ስለዚህ ኢንሹራንሱ የማይሸፍናቸው ነገሮች የተዘረዘሩበትን ክፍል ከመፈረማችሁ በፊት አንድ በአንድ አንብቡ። ሻጩ ያለ ታይትል ኢንሹራንስ «እኔ ያለኝን መብት ብቻ ነው የማስተላልፈው» በሚል ወረቀት ሊሸጥላችሁ ከፈለገ ተጠንቀቁ፤ መብት ከሌለው የምትገዙት ባዶ ነው። ርካሽ መሬት በዚህ መንገድ የሚሸጥበት ጊዜ ብዙ ነው።

እኔን ግን ከ1863ቱ ወረቀት ይልቅ የሚያሳስበኝ ውሃው ነው! በግና ፍየል ብላችኋል። ኮሎራዶ ውስጥ የመሬት ባለቤት መሆን የውሃ ባለቤት አያደርግም። ውሃ ለቀደመ ነው። በስቴቱ ካሉት የውሃ መብቶች ሁሉ ቀዳሚው የሳን ሉዊስ ሰዎች የቆፈሩት ቦይ ነው፣ ቀዳሚነቱ ከ1852 የሚቆጠር። ከእነሱ በኋላ የመጣ ሁሉ ተራውን ይጠብቃል። ከ35 ኤከር በታች የሆነ መሬት ላይ ጉድጓድ ለመቆፈር ብትጠይቁ የሚሰጣችሁ ፈቃድ ብዙውን ጊዜ ለቤት ውስጥ ብቻ ነው። ከብት ማጠጣት፣ አትክልት ማጠጣት የለም። ውሃ በቦቴ እየገዛችሁ ፍየል ልታረቡ ነው? ቦታው ደግሞ ከፍታው ወደ 8 ሺህ ጫማ ነው፣ ዝናቡ እጅግ ትንሽ ነው፣ ብርዱ አጥንት ይሰብራል። አምስት ኤከር ቁጥቋጦ ስንት ፍየል እንደሚቀልብ አስሉት። መንገዱንም ጠይቁ፤ በካርታ ላይ መንገድ ተብሎ የተሣለው መሬት ላይ ላይኖር ይችላል። ቤት ሳይሠሩ ድንኳን ወይም ካራቫን ውስጥ ስለ መኖርም ካውንቲው ደንብ አለው፣ ደውላችሁ አረጋግጡ።

---

አውሮራ_ነዋሪ

ሁላችሁንም እግዜር ይስጥልኝ። የውሃውን ነገር ጭራሽ አላሰብንም ነበር፤ ለጓደኞቼ አሁኑኑ ልኬላቸዋለሁ። @ታይትል_ቤት አንድ የመጨረሻ ጥያቄ። እዚያ ካውንቲ መሬት ከገዛን እኛም ከብቶቻችንን ተራራው ላይ ማሰማራት እንችላለን ማለት ነው? በፍርዱ መሠረት መብቱ የመሬት ባለቤቶች ነው ይላል።

---

ታይትል_ቤት

አይ፣ እንደዚያ አይደለም። መብቱ የካውንቲው ነዋሪ ሁሉ አይደለም፤ ከመሬቱ ጋር ተጣብቆ የሚሄድ ነው። 2003 ላይ ፍርድ ቤቱ እንዳለው መሬታቸው ቢያንስ ጊልፒን ተራራውን በያዘበት ዘመን ሰው የሰፈረበት መሆኑን ማሳየት የሚችሉ ባለቤቶች ናቸው ባለመብቶቹ። ከወንዙ ወደ ላይ የሚሄዱት ጠባብ ረጅም መሬቶች ማለት ነው። ማን ባለመብት እንደሆነ ለይቶ መመዝገቡ ራሱ ከፍርዱ በኋላ ብዙ ዓመት ፈጅቷል። እናንተ ከነዚያ አሮጌ መሬቶች አንዱን ከባለመብቱ ብትገዙ መብቱ አብሮ ሊመጣ ይችላል። ከሽንሽኑ አምስት ኤከር ከገዛችሁ ግን ፍየላችሁ የሚውለው አምስቱ ኤከር ላይ ነው።

ስለዚህ ሻጩን የመሬቱን መለያ ቁጥር ጠይቁትና ካውንቲው ጸሐፊ ቢሮ ወስዳችሁ የባለቤትነቱን ሰንሰለት እስከ መጨረሻው አስፈልጉ። ቁጥሩን ለመስጠት የሚያቅማማ ሻጭ ከሆነ ገንዘባችሁን ኪሳችሁ አድርጋችሁ ተመለሱ።